የእማማ ዘንዶ ቃል

ማንበብ አትችልም ማለት መስማትም አትችልም ማለት መሰላቸው። እማማ ዘንዶ ያን እሁድ ጠዋት አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀምጣ ጉልበቷን በቅባት ስታሽ፣ ታናሽ እህቷ ከስሱ የጣውላ ግድግዳ ወዲያ፣ ወጥ ቤት ሆና ስልክ ታወራ ነበር። እህቷ ስምንተኛ ክፍል ድረስ ተምራለች፤ ይህንንም በሳምንት አንዴ ሳታነሳ አትቀርም። ጆሮዋ ከደከመ ወዲህ ግን ስልኩን እስከ ጥጉ ካላስጮኸችው አይሰማትም፤ እናም የተማረችው እህት ምስጢር ሁሉ ባልተማረችው እህት ጆሮ በኩል ያልፋል።

«ካርዱን አየችው?» አለ የእህቷ ልጅ ድምፅ።

«ጠረጴዛው ላይ ነው የተውኩት። የመብራት ማስጠንቀቂያ ነው አልኳት።»

ሁለቱም ሳቁ። ከዚያ ልጁ ድምፁን ዝቅ አደረገ፤ በዚያ ስልክ ዝቅ ማለት ምን ይጠቅማል! «እንዳትመጣ ብቻ፣ እማዬ። አፏን አትይዝም፤ ሰው ፊት ታዋርደኛለች። ደግሞስ ምን ይገባታል?»

የእማማ ዘንዶ እጅ ጉልበቷ ላይ እንዳለ ቀረ። «ምን ይገባታል» ያለው ልጅ አባቱ ሞቶ በአምስት ዓመቱ የእናቱን ቀሚስ ይዞ በዚህ በር ሲገባ፣ የተቀበለችው ፊደል ያልቆጠረችው ይህችው አክስቱ ናት። ደብተር የገዛችለት እሷ፤ ፈተና ሲወድቅ ትምህርት ቤት ድረስ ሄዳ «ልጁ ደንቆሮ ነው ወይስ አስተማሪው?» ብላ የተሟገተችለትም እሷ። ቤት ውስጥ ሁለት ወንዶች ልጆች ስለነበሩ የእሷ ልጅ ትልቁ፣ የእህቷ ልጅ ትንሹ ተባሉ። ትንሹ ዛሬ ፂሙ ሽበት ጣል ጣል አድርጎበት፣ ሰው «ዳይሬክተር» ብሎ እየጠራው፣ በዚህ ቤት አሁንም ትንሹ ነው።

ካርዱ ጠረጴዛው ላይ ሦስት ቀን ከርሟል። ዙሪያውን ስትወለውል እየዘለለችው ነበር። በዕድሜዋ ያየችው የመብራት ወረቀት ተቆጥሮ አያልቅም፤ ሁሉም እንደ ሽንኩርት ልጣጭ የሳሳ፣ ቀለሙ እጅ የሚያቆሽሽ ነው። ይሄኛው እንደ መዳፍ የወፈረ፣ ጠርዙ በወርቅ ቀለም የተከበበ ነው። መብራት ቤት ከመቼ ወዲህ ነው ለባለ ዕዳ ወርቅ የሚቀባው? ግን እህት እህት ናት ብላ ዝም አለች። ሁለቱ እህቶች ሠላሳ ዓመት ሊሞላቸው ነው አብረው ሲኖሩ፤ ዝምታን እንደ ጨው ሲበዳደሩ ኖረዋል።

ከምሳ በፊት እህቷ ፀጉሯን ተሠርታ፣ ለሰርግ የምታወጣውን ሰማያዊ ቀሚስ ለብሳ ብቅ አለች።

«እትዬ፣ ሐኪም ቤት ሰው ልጠይቅ ነው። ምሳሽ ምድጃው ላይ አለልሽ።»

«በሽተኛዋ ማናት?»

«አታውቂያትም። የድሮ ጎረቤት ናት።»

«በተረከዝ ጫማ ነው የምትጠየቀው? ከመታመሟ በፊት ዳንሰኛ ነበረች እንዴ?»

እህቷ አልሳቀችም። በእጇ የያዘችውን ቁልፍ ቦርሳዋ ውስጥ ፈለገችው፣ አጣችው፣ ከዚያ እጇ ላይ አገኘችውና ወጣች። ካርዱን አልወሰደችም፤ ልጇ ራሱ በር ላይ ተቀብሎ የሚያስገባት ሰው ካርድ አያሻትም። እማማ ዘንዶ የተረከዙ ድምፅ ደረጃውን ጨርሶ እስኪወርድ ጠበቀች። ከዚያ ወርቃማውን የመብራት ማስጠንቀቂያ ብብቷ ሥር ሸጉጣ ወደ ልብስ ሰፊው ወረደች።

ልብስ ሰፊው ከደረጃው ሥር፣ ሁለት ሰው ከገባ ሦስተኛው በር ላይ በሚቀርባት ክፍል ነው የሚሠራው። ግድግዳው ላይ ዋጋውን በካርቶን ጽፎ ለጥፏል፦ ዚፕ መቀየር ስልሳ፣ ሱሪ ማሳጠር አርባ፣ ከሥሩ ደግሞ «ነገ እከፍላለሁ ላለ ሰው ነገ እንሰፋለን»። ለእማማ ዘንዶ ግን ወረቀት ማንበብ በነጻ ነው፤ የልጅነቱን ግማሽ በእሷ ቪዲዮ ቤት አግዳሚ ላይ ያሳለፈ ሰው ነውና። መነጽሩን ግንባሩ ላይ ከሰቀለበት አወረደ።

«ዘንዶው፤ የአርባኛ ዓመት ልዩ ዝግጅት» ብሎ አነበበ። «ዘመን የማይሽረው ታላቅ ፊልም፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በቋንቋችን።» ቀና አለ። «እማማ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ይላል እኮ!»

«ቀጥል።»

«ትርጉምና ድርሰት…» ልብስ ሰፊው ጉሮሮውን ጠረገ። «የትንሹ ስም ነው። ከነአባቱ፣ ከነአያቱ። የርስዎ የለም። በጀርባውም አየሁ።»

«በጀርባው ምን አለ?»

«የሕንፃው አድራሻና የለስላሳ ማስታወቂያ።» ካርዱን በሁለት እጁ እንደ ሕመምተኛ ውጤት መለሰላት። «እንግዲህ እማማ፣ ያመኑት ፈረስ ሲባል…»

«ተረቱን ተወውና ሰዓቱን ንገረኝ።»

ዝግጅቱ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነበር።

«እማማ ዘንዶ» ብሎ የሰየማት ሰፈሩ ነው። ባሏ በሕይወት ሳለ ቪዲዮ ቤት ነበራቸው፤ አሥራ ሁለት አግዳሚ፣ አንድ ቴሌቪዥን፣ ሲግል በካርቶን የሚራገብ ማጫወቻ። ፊልሞቹ በፈረንጅ አፍ ስለሚመጡ ማይክ ይዞ የሚተረጉም ሰው ቀጥረው ነበር። ዘንዶው በመጣ በሁለተኛው ቀን ሰውዬው ወደ ሌላ ቪዲዮ ቤት ከዳቸው። ሰው ከፍሎ ተቀምጧል፣ ፊልሙ ጀምሯል፣ ባሏን ላብ አጥምቆታል። ትኬት የምትቆርጠው ሚስቱ ከበሩ ተነስታ ማይኩን ከእጁ ነጠቀችው። አንድ የፈረንጅ ቃል አታውቅም። ፊት ግን ታውቃለች። ዓይኑን የሰበረ ሰው እየዋሸ መሆኑን፣ አፏን ገጥማ የቆመች ሴት ስድብ እየዋጠች መሆኑን ለማወቅ መዝገበ ቃላት አያሻም። ዘንዶውን እንደ ቤት አከራይ አናገረችው፦ «ወሩ ሞልቷል፤ ወይ ልጅቷን አምጡ ወይ ተራራዬን ልቀቁ!» ጠንቋይዋን አማቷን አስመስላ አስነጠሰቻት። ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። በሦስተኛው ቀን ሰው ቆሞ አየ።

ዘንዶው የጎማ ነው። አንገቱን ሲያዞር መገጣጠሚያው ይታያል። በሰማይ የሚበርረው ሽማግሌ ከጀርባው ሽቦ አለው፤ ልጆቹ ሁሉ አይተውታል፤ ሽቦውን ያየው ግን ላላየው አይጠቁምም ነበር። እንዲህ ያለ ጨዋነት እማማ ዘንዶ ከልጆች ውጭ አላየችም። ከዚያ ወዲህ ስንት ፊልም መጣ፤ መኪና የሚገለባበጥበት፣ ፎቅ የሚናድበት። ሰው አንዴ ያየውና ይረሳዋል። ዘንዶውን ግን ሃያ ጊዜ፣ ሠላሳ ጊዜ ያዩት ሰዎች ነበሩ፤ ጠበቃው፣ አናጢው፣ ባሏን የቀበረችው ነርስ። ውሸት መሆኑ የጠፋው አንድም አልነበረም። ግን በዚያ ፊልም ውስጥ ክፉ ሰው ክፉ መሆኑ ከሩቅ ይታያል፤ ቃል የገባም ሰው ሰባት ተራራ ቆርጦ ይመጣል። ይሄ ከቪዲዮ ቤቱ በር ወዲያ አይገኝም።

ቃሉም እሷ ያመጣችው ነው። ጦረኛው ልጅ እናቱን ደጅ ላይ ትቶ ሲሄድ፣ ፈረሱን አዙሮ ቀኝ እጁን ያነሳና አንድ ነገር ይጮኻል። እሷ የሰማችው «አልቀርም!» ብሎ ነው። የፈረንጁ አፍ እንደኛ መናገሩ ገርሟት፣ ከዚያች ቃል ላይ ተነስታ ታሪኩን በሙሉ ሠራችው፤ እናት በየምሽቱ በሩን ሳትቆልፍ ታድራለች፣ ልጅ በየተራራው አናት «አልቀርም ብያለሁ» ይላል። ከአራት ወር በኋላ አንድ የቋንቋ አስተማሪ ትኬት ሲቆርጥ ጠጋ ብሎ፣ «እትዬ፣ አልካረም የከተማዪቱ ስም ነው። ልጁ የሚሄድበትን ነው የሚናገረው» አላት። ፊቷ እሳት ሆነ። ልታርመው ቆረጠች።

በዚያው ሳምንት ትልቁ ሄደ። አሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ነበር፤ ሥራ ፍለጋ ባሕር ሊሻገር ነው። ቦርሳውን አንግቶ በሩ ላይ ደረሰ፣ ዞረ፣ እንደ ጦረኛው ቀኝ እጁን አነሳና የእናቱን የማይክ ድምፅ እየኮረጀ፣ እየሳቀ፣ «አልቀርም!» አላት። ከዚያ ወዲህ ደብዳቤ የለ፣ ስልክ የለ፣ ሬሳ የለ። ስሕተቷን ሰምቶ፣ ቃል አድርጎ መለሰላት። ከዚያ በኋላ እንዴት ታርመው? ቪዲዮ ቤቱ እስኪዘጋ ድረስ በየቅዳሜው «አልቀርም» አለች። ለምን እንዳላረመችው ለማንም አልተናገረችም፤ ለባሏም፣ ለእህቷም።

የነገረችው ለአንድ ሰው ነው። ባለፈው ዝናብ ወቅት ትንሹ ብርቱካን ይዞ መጣና፣ «እትዬ፣ ዘንዶውን እንደ ድሮው ተርኪልኝ። ለማስታወሻ ላስቀረው» ብሎ ስልኩን ፊቷ አቆመ። ሦስት ከሰዓት በኋላ ተረከችለት። ዘመዷ መጥቶ ሲያዳምጣት ስንት ዓመቱ! ጉሮሮዋ እስኪነቃ ተረከች። በሦስተኛው ቀን መጨረሻ ላይ «ስልኩን አጥፋው» አለችው፤ አጠፋው። ከዚያ የትልቁን ነገር፣ የበሩን ነገር ነገረችው። ትንሹ አንገቱን ደፍቶ አለቀሰና እጇን ሳመ። የተረፈውን ብርቱካን ልጦ በእጁ አጎረሳት።

ወደ ዝግጅቱ ስትሄድ አውቶቡስ ውስጥ ሆና ስለ ትንሹ ተሟገተች። ሰው የሚወደው ሰው ሲበድለው መጀመሪያ ጠበቃ የሚያቆመው ለበዳዩ ነው። ምናልባት ካርዱ ላይ ቦታ ጠቦት ይሆናል አለች። ምናልባት አዳራሹ ውስጥ ስሜን ሊጠራ፣ ሊያስደንቀኝ አስቦ ይሆናል አለች። ይህን እያለች የጠዋቱ ሳቅ በጆሮዋ ይመጣል። ላም እሳት ወለደች የሚባለው ይኼ ነው፤ እንዳትልሰው ይፈጃታል፣ እንዳትተወው ልጇ ነው።

ሲኒማው ከአንድ ትልቅ ሕንፃ አምስተኛ ፎቅ ላይ ነው። ደረጃው ራሱ የሚሄድ ሆኖ አገኘችው፤ ሰው ቆሞ ይወጣል። አልወደደችውም፤ ምንጊዜም ሳትረግጠው የሚሄድን ነገር አታምንም። የጎን ደረጃውን አራት ጊዜ አርፋ ወጣች። ጥበቃው «እማማ፣ ወዴት ነው?» አላት፤ ሳሙና ልትሸጥ የመጣች መስሎት እንደሆነ ከዓይኑ አነበበች። ካርዱን አፍንጫው ሥር አቆመችው። ከነጠርዙ አየው፣ ገለል አለ። የመጨረሻው ረድፍ ላይ፣ ከአንድ ወፍራም ሰውዬ አጠገብ ተቀመጠች። የእህቷ የተሠራ ፀጉር ከፊተኛው ረድፍ ይታያል።

መብራቱ ጠፋ፤ ዘንዶው መጣ። ያው ነው፤ ያው የጎማ አንገት፣ ግን አሁን ቤት ያህላል። አፉን ሲከፍት ከጀርባዋ፣ ከግራዋ፣ ከቀኟ የአንድ የሠለጠነ ወንድ ድምፅ «ወሩ ሞልቷል፤ ወይ ልጅቷን አምጡ ወይ ተራራዬን ልቀቁ!» አለ። አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። ጠንቋይዋ አስነጠሰች። አንድ ቃል አልጎደለም፤ ትንፋሿ ሳይቀር አለ፤ ትንሹ ሲቀዳት ብርቱካን አንቋት «እህ» ያለችበት ቦታ ጠንቋይዋም «እህ» አለች። እማማ ዘንዶ ከንፈሯ ሳታዘው ከፊልሙ እኩል ይንቀሳቀስ ነበር።

«ተርጓሚው ጉድ ነው!» አላት ወፍራሙ ሰውዬ እንባውን እየጠረገ።

«ጉድስ ጉድ ነው» አለች።

ጦረኛው እጁን አንስቶ «አልቀርም!» ሲል የወንበሯን ክንድ ያዘች። መጨረሻው ላይ፣ ልጁ ጎልማሳ ሆኖ፣ ፊቱ ጠባሳ ለብሶ በእናቱ ደጅ ቆመ። በፈረንጁ ፊልም እናትየው ምንም አትናገርም፤ አፏ ዝግ ነው። ድሮ ግን ሕዝቡ «ምን አለች? ምን አለች?» ብሎ ሲጮህባት፣ እማማ ዘንዶ ማሟላት ነበረባትና፣ ልጇ ድንገት ቢመጣ የምትለውን ነበር የምትለው። አሁንም አንዲት ማር የተቀባ ድምፅ ያላት ተዋናይት ያንኑ አለች፦ «ቆይተሃል። ግባና በሩን ዝጋው፣ ብርድ ይገባል።» ሰው በየወንበሩ አለቀሰ። ወፍራሙም አለቀሰ። እማማ ዘንዶ ብቻ አላለቀሰችም፤ ሌቦች ቤቷን ዘርፈው በገዛ ወንበሯ ላይ ቁጭ ብለው እንዳገኘቻቸው ሴት ደርቃ ተቀመጠች።

መብራቱ ሲበራ ትንሹ በጥቁር ኮት መድረክ ላይ ወጣ። ጭብጨባው አልቆም አለ። ስለ ድሮ ዘመን ፊልሞች ተናገረ፤ ለምን እንደማያረጁ፣ ተአምር በእጅ ስለሚሠራበት ጊዜ። ጥሩ ተናገረ፤ ማን አስተማረው! ስለ ቪዲዮ ቤቶች ሲያነሳ፣ «ያኔ እንኳን ቋንቋ፣ ፊደል የማያውቁ ሰዎች እየፈጠሩ ነበር የሚነግሩን» አለና ፈገግ አለ። ሰው ሳቀ። እማማ ዘንዶ ያን ዋጠችው።

ከዚያ አንዲት መነጽር ያደረገች ወጣት ሴት ተነሳች። «ፊልሙን በራሱ ቋንቋ አይቼዋለሁ» አለች። «እዚያ ጦረኛው የሚለው አልካረም ነው፤ የከተማ ስም ነው። እዚህ ግን አልቀርም ሆኗል። ስሕተት ነው ወይስ አውቃችሁ ነው?»

አሁን፣ አለች እማማ ዘንዶ በልቧ። አሁን ይለዋል። ከዚህ ጥያቄ የሚወጣበት በር አንድ ብቻ ነው፤ በእሷ በኩል። ሰው ዞሮ ሊያያት ይችላልና ሻሿን አስተካከለች፤ የጫማዋን የተላጠ አፍንጫ ወንበሩ ሥር ደበቀች።

ትንሹ ማይኩን በሁለት እጁ ያዘ። ዝም አለ። ዝምታው ልምምድ የተደረገበት መሆኑን እሷ ታውቃለች፤ ስንት ዓመት በማይክ ዝም ብላለችና።

«ስሕተት አይደለም» አለ። «ታላቅ ወንድም ነበረኝ። ሥራ ፍለጋ ባሕር ሲሻገር እኔ ልጅ ነበርኩ። በሩ ላይ ቆሜ ሸኘሁት። ዞረ፣ እጁን እንዲህ አነሳና፣ እየሳቀ፣ አልቀርም አለኝ። ከዚያ ወዲህ አላየሁትም። ይህን ፊልም ስተረጉም የእሱ ድምፅ መጣብኝ። ቃሉን ለእሱ ነው የጻፍኩት።»

አንድ ሰው አጨበጨበ፣ ከዚያ ሁሉም ቆመ። ጠያቂዋ መነጽሯን አውልቃ ዓይኗን ጠረገች። ከፊተኛው ረድፍ የተሠራው ፀጉር ወደ ጉልበት አቀረቀረ፤ እህቷም ታውቃለች። ያን ቀን ልጇ የት እንደነበር የማታውቅ እናት የለችም።

እማማ ዘንዶ ሰው ሁሉ እስኪቀመጥ ጠበቀች። ከዚያ እሷ ተነሳች። «እኔም ጥያቄ አለኝ።»

«እማማ፣ ማይክ ይምጣልዎት» አለ አስተናጋጁ።

«ማይኩን ለእሱ ተውለት። የሚያስፈልገው እሱ ነው።»

«እትዬ…» አለ ትንሹ፤ ማይኩ አፉ ላይ ስለነበር አዳራሹ በሙሉ ሰማው። ሰው ሁሉ ወደኋላ ዞረ።

«ዘንዶውን ውሰደው» አለችው። ያ በአሥራ ሁለት አግዳሚ ላይ የሠለጠነ ድምፅ ያለ ምንም ሽቦ መድረኩ ድረስ ደረሰ። «ጠንቋይዋንም ውሰዳት፤ ከማስነጠሷ ጋር። ፊደል የማያውቁ ያልካቸው ውስጥ እኔን መቁጠርህንም ችዬዋለሁ፤ እውነት ነው፣ አላውቅም። ያን ቀን ግን አንተ በሩ ላይ አልነበርክም። ኩፍኝ ይዞህ ጓዳ ተኝተህ ነበር። ብርሃን ዓይንህን እንዳይወጋው መስኮቱን በብርድ ልብስ የጋረድኩልህ እኔ ነኝ። እሱን ሸኝቼ ተመልሼ ግንባርህን ያራስኩትም እኔው ነኝ።»

እህቷ ከፊት ረድፍ ዞራ፣ «እትዬ፣ በፈጠረሽ!» አለች። እማማ ዘንዶ አላየቻትም።

«እትዬ፣» አለ ትንሹ፤ ፊቱ ላይ ያለው የመድረክ ብርሃን ላቡን ያሳያል፣ «እባክሽ፣ ቤት እንነጋገር።»

«ቤትማ ምን ይገባታል ተብዬ የለ! እዚሁ ይሻላል፤ እዚህ የገባቸው ሰዎች ተቀምጠዋል።» የፊቷን ወንበር መደገፊያ በሁለት እጇ ያዘች። «ስልክህን አስጠፍቼ የነገርኩህን ነው ያወጣኸው። እሺ፤ ካወጣኸው ወዲያ ግማሹን አትደብቅ። ታላቅ ወንድሜ አልክ። ደግ ብለሃል፤ ወንድምህ ነው። አሁን በዚያው ማይክ፣ ለጠየቀችህ ልጅ፣ ላለቀሱልህም ሰዎች፣ የማን ልጅ እንደነበር ንገራቸው።»